ሁለተኛው አሥራ አራት

ፋኔ ካቫ በመቅዳት የታወቀች ነበረች፤ እጇ ዝንፍ አይልም። የዚያን ቅዳሜ ግን የኮኮናቱ ዋንጫ ከጣቷ አመለጠና የሽማግሌው የላቱ ጭን ላይ ተደፋ።

«ምነው ልጄ፣» አሉ ላቱ ሽርጣቸውን እያራገፉ፣ «እኔ እኮ ካቫው ሊጠጣ የቀረበ መስሎኝ ነበር። ገላ መታጠቢያ መሆኑን ማን ነገረኝ?»

ወንዶቹ ሳቁ። ፋኔ አልሳቀችም። ከጎኗ የተቀመጠውን ወጣት አፍ አፉን ታያለች። የተናገረውን እንዲደግምላት ፈልጋለች፤ ደግሞ እንዳይደግመው ፈርታለች።

በእኛ ደሴት፣ በሊፉካ፣ ወንዶች ከእርሻ ሲመለሱ ማንጎ ጥላ ሥር ክብ ሠርተው ይቀመጣሉ። የተወቀጠውን የካቫ ሥር በውኃ የምትበጠብጠውም፣ የምትቀዳውም ያላገባች ልጅ ናት። የፈለጋት ወንድ አጠገቧ ይቀመጣል፤ ሌላው ያሾፍባቸዋል፤ ወንድሟ ግን በዚያ አካባቢ ድርሽ አይልም፣ ነውር ነው። ስንቱ ትዳር ከዚያ ገበቴ እንደተቀዳ ቢቆጠር ጉድ ነው።

ሦስት ቅዳሜ በተከታታይ ከፋኔ አጠገብ የተቀመጠው ልጅ ፔኒ ይባላል። ቤተሰቡ የሊፉካ ሰዎች ናቸው፤ ወደ ዋናው ከተማ ከሄዱ ግን ብዙ ዘመናቸው ነው። እሱ እዚያ የድሮ የልጥ ጨርቅ፣ ከዛፍ ልጥ ተቀጥቅጦ የሚሠራውን፣ የሚያሰባስብ የአንድ ትንሽ ሙዚየም ሠራተኛ ነው፤ ለሥራ ብሎ ለአንድ ወር መጥቷል። በመጀመሪያው ቅዳሜ አንድ ቃል ሳይተነፍስ አምስት ዋንጫ ጠጣ። በሁለተኛው ስሟን ጠየቃት፤ ስሟን እያወቀ። በሦስተኛው ላቱ ነገር ቆሰቆሱ። ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይባል የለ፤ ካቫም ያው ነው። በፋኔ ፊት የማይነሳውን ነገር አነሱት።

«አንተ የሁለት አሥራ አራት ልጅ፣ እስቲ ከራስህ አፍ እንስማው። አያትህ ቁጥር የጠፋቸው እንዴት ነበር?»

ፔኒ ቅጽል ስሙን ለምዶታል፤ ሳቅ አለ።

«አያቴ ሲያሌን በልጥ ጨርቅ የሚወዳደራት አልነበረም። አንዱን፣ ትልቁን፣ ሁለት ዓመት ሠራችው። ከዳር እስከ ዳር የሌሊት ወፍ ነው የሳለችበት። ቀለሙ ሲደርቅ በጠርዙ ላይ በየክንዱ ቁጥር ትጽፍ ጀመር። መቼም ታውቁታላችሁ፤ ለሠርግ ሲቆረጥ የኔ አነሰ፣ የሱ በዛ ተብሎ ጠብ እንዳይነሳ። አሥራ አራት ብላ እንደጻፈች አንድ አሳማ ቤት ውስጥ ገባ። ብሩሿን እንደያዘች አባረረችው። ተመልሳ ቁጭ አለችና እንደገና አሥራ አራት ብላ ጻፈች። በቁጥር ሃያ አራት፣ በክንድ ሃያ አምስት። አስተካክዪው ቢሏት አሻፈረኝ አለች።»

«አሳማውስ?» አለ አንዱ።

«አሳማውማ ተበላ። የጠፋው ጨርቁ ነው።»

ሳቁ እዚህ ላይ ተቋረጠ። ሲያሌ በሞቱ ጊዜ ጨርቁ ከቤታቸው መጥፋቱን፣ ሌባ የተባሉትም የፋኔ አያት መሆናቸውን የማያውቅ ሰው የለም። ሁሉም ዋንጫ ዋንጫውን ያይ ጀመር።

የፋኔ እጅ የከዳት ግን በዚህ አይደለም። የሌባ የልጅ ልጅ መባልን ከልጅነቷ ለምዳዋለች። የከዳት ያ ቁጥር ነው። የስድስት ዓመት ልጅ ሳለች ዶሮ ስታባርር የአክስቷ አልጋ ሥር ገብታ ነበር። በግድግዳው በኩል ተጣጥፎ የተደራረበ ጨርቅ አየች፤ በየእጥፋቱ ጠርዝ ቁጥር አለ። መቁጠር የተማረችበት ሰሞን ነበርና ጮክ ብላ አነበበችው፤ አሥራ ሁለት፣ አሥራ ሦስት፣ አሥራ አራት፣ አሥራ አራት፣ አሥራ አምስት። በማግስቱ ትምህርት ቤት እንደዚያው ቆጠረች። አስተማሪዋ ስታርማት «እኛ ቤት ሁለት ናቸው» ብላ ድርቅ አለች፤ ክፍሉ በሙሉ ሳቀባት። ከዚያ ወዲህ ረስታው ነበር።

አሁን አስታወሰችው። አገር የሚፈልገው ጨርቅ እትዬ ካሎላይኔ አልጋ ሥር ነው ያለው። አያቷን ሌባ ያሉ ሰዎችም ውሸታቸውን አልነበረም ማለት ነው።

እዚህ ላይ ስለ እትዬ ካሎላይኔ አንድ ነገር ልበል። በእኛ አገር የአባት እህት ከአባትም በላይ ናት። ከምንጣፏ ላይ አይቀመጡም፣ ከምግቧ አይቀምሱም፣ አልጋዋን አይነኩም። ለሠርግም ለለቅሶም ከመጣው ስጦታ ምርጡን የምታነሳው እሷ ናት፤ የወንድሟ ልጅ ማንን ታግባ የሚለውም ካለሷ ቃል አይሆንም። እትዬ ካሎላይኔ ደግሞ አግብተው አያውቁም፤ የስድሳ ሁለት ዓመት ሴት፣ ወገባቸው ቀጥ ያለ፣ ቃላቸው የማይታጠፍ። ፋኔን ባሕር ማዶ ኦክላንድ ላለ ለአንድ የዲያቆን ልጅ ሊድሯት ጉዳዩን ጨርሰዋል። ፔኒ አጠገቧ መቀመጡን በሰሙ ቀን የተናገሩት አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው።

«እናቴን ሌባ ያለ ቤት ሰው እኔ ምንጣፍ ላይ አይቀመጥም።»

እሑድ በእኛ አገር ሥራ የለም፣ ዋና የለም፣ መሮጥ እንኳ የለም፤ ያለው መዝሙርና እንቅልፍ ነው። ያን እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ቤቱ ሁሉ በልቶ ሲተኛ ፋኔ ምግቡም አልዋጥ፣ ጎኗም አላርፍ አላት። ተነሳች፣ ተቀመጠች፣ ደግሞ ተነሳች። በመጨረሻ እግሯ ወደ ባሕሩ ወሰዳት። ፔኒ ለቤተ ክርስቲያን የሚታጠቁትን የክብር ምንጣፍ ወገቡ ላይ እንዳደረገ አንድ ዛፍ ሥር ቆሟል። እሱም አልተኛም።

«ሐሙስ በመርከቡ ልሄድ ነው፣» አለ።

«እኔም በሳምንቱ።»

«ኦክላንድ?»

«ኦክላንድ።»

ባሕሩ እስኪያስጠላ ድረስ ጸጥ ብሏል። ፔኒ በእግሩ አሸዋውን ቆፈረ፣ መልሶ ደፈነው።

«ለአክስትሽ ሽማግሌ ልላክ?»

«ላክና እንግዲህ በመጣበት እግሩ ሲመለስ ታየዋለህ። እሳቸው አንዴ ካሉ አሉ ነው።» ከዚያ ሳታስበው ከአፏ ወጣ። «ፔኒ፣ ያ ጨርቅ ቢገኝ ምን ታደርገዋለህ?»

ፊቱ በራ። ይህን ብርሃን አይታው አታውቅም።

«አንድ ግድግዳ አለ። ባዶውን ነው ያስቀመጥነው። በወጣሁ በገባሁ ቁጥር ጨርቁ ይታየኛል። የሲያሌ ሥራ ሁሉ በየሠርጉና በየለቅሶው ተቆራርጦ አለቀ፤ እዚህ ሦስት ክንድ፣ እዚያ ሁለት ክንድ። ሳይቆረጥ የቀረው እሱ ብቻ ነው። ሙሉውን፣ ፋኔ! ከመጀመሪያው የሌሊት ወፍ እስከ መጨረሻው። ሰው ከዚህ ጫፍ እስከዚያ ጫፍ እየሄደ ሲያየው…»

«ስለ እኔ ይህን ያህል አውርተህ አታውቅም።»

«ኧረ በናትሽ…»

«አጠገቤ የተቀመጥከው ለምንድን ነው? እውነቱን ንገረኝ።»

ዓይኑን ወደ ባሕሩ አዞረ።

«የመጀመሪያው ቀን ለጨርቁ ብዬ ነው፣» አለ። «ከእናንተ ቤት ፍንጭ አላጣም ብዬ። ከዚያ ዋንጫውን ስትሰጪኝ ቀና ብለሽ አየሽኝ፤ ልጠይቅ የመጣሁት ሁሉ ጠፋኝ። በሁለተኛው ቅዳሜ ስምሽን የጠየቅሁሽ ሌላ የምለው ነገር አጥቼ ነው።»

የእውነተኛ ሰው ችግሩ ይህ ነው፤ እውነቱን ከመጥፎው በኩል ይጀምረዋል። ፋኔ የሰማችው የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው። ጀርባዋን ሰጥታው ሄደች። የእሑድ ነገር ባይሆን ኖሮ ትሮጥ ነበር።

ሰኞ ሴቶቹ ልጥ ሲቀጠቅጡ ፋኔ ያለ ልክ እየመታች ሁለት ቦታ ቀደደችው።

«ኧረ ይሄ ልጥ ምን በደለሽ?» አለች ከአጠገቧ የተቀመጠችው። «የወንድ ስም አውጥተሽለታል መሰለኝ።»

ሴቶቹ ተንከተከቱ። ፋኔ ቀዳዳውን በሙጫ እየለጠፈች ያንኑ ነገር በሆዷ ታመላልሳለች። ብትናገር አክስቷን በአደባባይ ማዋረድ ነው፤ አባቷም ይቅር አይላትም። ዝም ብትል ፔኒ በመርከቡ ይሄዳል። ቢያፈቅራትስ? ለጨርቁ ብሎ ከሆነስ? የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ትጥል እንደሆነስ? ወዳዋለች፤ ነገሩ ይኸው ነው፤ ብትናደድበትም ወዳዋለች። ደግሞም ያ ቁጥር የልጅነት ቅዠት ሆኖ ቢሆንስ? በዓይኗ ሳታይ ማረፍ አልቻለችም።

ማክሰኞ ረፋዱ ላይ እትዬ ካሎላይኔ ለሴቶች ማኅበር ወጡ። ፋኔ በሕይወቷ ለሁለተኛ ጊዜ የአክስቷን ክፍል ረገጠች። ተንበረከከች፤ የማይነካውን አልጋ ነክታ ወደ ራሷ ሳበችው።

ጨርቁ እዚያው ነው። አሥራ ሦስት። አሥራ አራት። አሥራ አራት።

«ስንተኛውን ነው የምትፈልጊው?»

እትዬ ካሎላይኔ በሩ ላይ ቆመዋል። መነጽራቸውን ረስተው መመለሳቸው ነው። ፋኔ መሬት ላይ ተደፋች፤ ጥፊም ስድብም ጠበቀች። አልመጣም። አክስቷ ገብተው አልጋቸው ጫፍ ላይ ተቀመጡ።

«ዶሮዋን ስታባርሪ ማየትሽን አውቄአለሁ። አስተማሪሽ ነግራኝ ነበር። መቼ ትጠይቀኝ ይሆን ስል አሥራ ስምንት ዓመት ሆነኝ።»

«አክስቴ፣ ይቅር ይበሉኝ።»

«እናቴ ሰርቃ ነው ብለሽ አስበሻል?»

ፋኔ ግንባሯን ከወለሉ አላነሳችም።

«አሳማ አልነበረም፣» አሉ እትዬ ካሎላይኔ። «አሳማው የሲያሌ ፈጠራ ነው። ሲያሌ አሥራ አራት ብለው እንደጻፉ የበኩር ልጃቸው ሄሴካያ በሩ ላይ ቆሞ ‹እማዬ፣ ካሎላይኔን ላገባት ነው› አላቸው። ሴትዮዋ ደንግጠው ደግመው አሥራ አራት ጻፉ። እሱ ራሱ ነው እየሳቀ የነገረኝ። ‹እንዳያስተካክሉት ለመንኳቸው፣ ያ ሁለተኛው አንቺ ነሽ› አለኝ።»

ፋኔ ቀና አለች። አክስቷ ሲስቁ አይታ አታውቅም፤ አሁንም አልሳቁም፣ ግን ከንፈራቸው አካባቢ አንድ ነገር አለ።

«የኔም አክስት እምቢ አለች። ዝቅ ያለ ቤት ነው አለች። ሄሴካያ ሰው ሆኜ እመለሳለሁ ብሎ የደረቀ ኮኮናት የሚጭን መርከብ ላይ ተሳፈረ። መርከቡ አልተመለሰም። ባሕሩ ሬሳውን እንኳ አልሰጠንም። ሲያሌ በጠራራ ፀሐይ እናቴን ጠርተው ጨርቁን አሸከሟት። ‹ለሠርግ ነበር የሠራሁት፤ አሁንስ ልገንዝበት ብል ምን አለኝ? ለልጅቷ ስጫት› አሏት። በዓመቱ ሲያሌ ሞቱ። እናቴን ጨርቁን ተሸክማ ያያት ሰው ነበር። ሌባ አሏት።»

«አያቴ ለምን እውነቱን አልተናገሩም?»

«እውነቱን ብትናገር ልጇ ከአክስቷ ቃል ወጥታ ለወንድ ቃል መስጠቷን ልትናገር ነው። እኔን ልታተርፍ ሌባ ተብላ ሞተች። እኔም ዝም አልኩ። ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር፤ ፈራሁ። ከዚያ ዝምታው ለመደኝ።»

እትዬ ካሎላይኔ ከአንጀታቸው አለቀሱ። ፋኔ ልትይዛቸው እጇን ዘረጋች፣ ነውር መሆኑ ትዝ አላትና መለሰችው፣ ከዚያ ነውሩም ይቅር ብላ ያዘቻቸው።

«ታዲያ አክስቴ፣» አለች ቀስ ብላ፣ «እርስዎ ደግሞ በእኔ…»

አልጨረሰችውም። መጨረስም አላስፈለጋትም። እትዬ ካሎላይኔ እንባቸውን ጠረጉ።

«ያን ልጅ ነገ ከቀትር በፊት ጥሪልኝ፣» አሉ። «ቢላዋም ሳዪ።»

ረቡዕ ፔኒ ላቱን ሽማግሌ አድርጎ መጣ። ፋኔ ‹አክስቴ ይፈልጉሃል› ከማለት ሌላ ምንም አልነገረችውም፤ ዓይኑንም አላየችውም። ግቢው ሣር ላይ ሃያ አምስት ክንድ ጨርቅ ተዘርግቷል። ጎረቤት በየአጥሩ ተሰብስቧል። የሌሊት ወፎቹ ከአንዱ ጫፍ ክንፋቸውን አጥፈው ተንጠልጥለው ይጀምሩና፣ በየክንዱ ትንሽ ትንሽ እየከፈቱ፣ በሌላው ጫፍ ላይ ሰማዩን ሞልተው ይበራሉ። ቡናማው ቀለም ትናንት የተቀባ ይመስላል። ፔኒ ሣሩ ላይ ተንበረከከና አፉን በእጁ ያዘ።

እትዬ ካሎላይኔ ቆመው ለፋኔ የነገሯትን ሁሉ በሕዝብ ፊት ተናገሩ። ድምፃቸው አንድ ቦታ ብቻ ተሰበረ፤ ‹እናቴ ሌባ አልነበረችም› ሲሉ። ላቱ ባርኔጣቸውን አወለቁ። ከዚያ እትዬ ካሎላይኔ ቢላዋውን ለፔኒ ዘረጉለት።

«ና እዚህ ቁረጥ። በሁለቱ አሥራ አራት መሃል።»

ፔኒ ቢላዋውን አልተቀበለም።

«እትዬ… እንዲህ ያለ በአገሩ ሌላ የለም። ሙሉ ሆኖ የቀረው እሱ ብቻ ነው።»

«አውቃለሁ። አርባ ዓመት ተኝቼበታለሁ።»

«ከተቆረጠ እኮ…»

«የልጥ ጨርቅ ተቆርጦ ሊሰጥ ነው የሚሠራው። ያልተቆረጠ ጨርቅ ማንንም ያላጋባ ጨርቅ ነው። ይሄ እኔን አላጋባኝም።» ጠቆሙት። «እስከ መጀመሪያው አሥራ አራት ያለው የሲያሌ ነው። ለልጅቷ የሠርግ ስጦታ አድርጌዋለሁ፤ ከፈለጋችሁ ስቀሉት። ሄሴካያ በሩ ላይ ከቆመ በኋላ የተጻፈው ግን የኔ ነው። እሱን ይዤ እገባለሁ። አይሆንም ካልክ ሙሉውን ጠቅልለህ ሐሙስ ተሳፈር፤ አልከለክልህም። ልጅቷ ግን አብራህ አትሳፈርም።»

ፋኔ የጨርቁን ዳር ይዛ ቆማለች። እጁን ብቻ ታያለች። የእሑዱ ብርሃን ፊቱ ላይ ይመጣ እንደሆነ ማየት አልፈለገችም። ሄደ ብላ ደመደመች።

«ፋኔ፣» አለ ፔኒ።

ቀና ብላ አየችው። ጨርቁን አያይም። እሷን ነው የሚያየው፤ በመጀመሪያው ቅዳሜ ዋንጫውን ሲቀበላት እንዳያት።

«አለቃዬ ይገድለኛል፣» አለ ቢላዋውን ተቀብሎ። «በዚህ በኩል ወጠር አድርገሽ ያዢልኝ።»

ያዘችለት። ቢላዋው ሲገባ ደረቁ ልጥ ሲተረተር ግቢው በሙሉ ሰማው። ፔኒ እያለቀሰ ቆረጠ፤ ግን ቀጥ አድርጎ ነው የቆረጠው። ሲጨርስ እትዬ ካሎላይኔ የራሳቸውን ግማሽ ጠቅልለው አነሱና ምንጣፋቸው ላይ ተቀመጡ፤ ከጎናቸውም መሬቱን ሳይሆን ምንጣፉን መታ መታ አደረጉ።

«ቁጭ በል እንጂ፣» አሉት። «ምን ትገተራለህ፤ የሲያሌ ልጅ አይደለህ?»

ለኦክላንዱ ዲያቆን ደብዳቤ የጻፉት እሳቸው ራሳቸው ናቸው። ምን ብለው እንደጻፉ አልተናገሩም።

ግማሹ ጨርቅ ዛሬ በዋናው ከተማ በዚያ ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል። የሌሊት ወፎቹ ገና ክንፋቸውን እየከፈቱ ሳለ አሥራ አራት ላይ ያበቃል። ጎብኚዎች የቀረው የት ሄደ ብለው ይጠይቃሉ። ፔኒ አሳማ ገባ ይላቸዋል፤ ፋኔ አጠገቡ ካለች ትቆነጥጠዋለች፣ ግን አታርመውም። ለእንግዳ አሳማው ይበቃዋል ትላለች።

እትዬ ካሎላይኔ የሞቱት ከሠርጉ በአምስተኛው ዓመት ነው። ሴቶቹ ሲገንዟቸው ፋኔ ጫፉን እኔ ላስገባ አለች። የሚበሩትን የሌሊት ወፎች ዙሪያቸውን አለበሰቻቸው፤ ጠርዙን አጥፋ ስታስተካክለው ሁለተኛው አሥራ አራት ደረታቸው ላይ ዋለ። እዚያው ተወችው።